ከሁሉም ጋር ሞክሪው

እሁድ ለሰኞ አጥቢያ፣ ከሌሊቱ ስምንት ሰዓት፣
ብሬመርሃቨን ወደብ፣ ዓሣ በሚያድርበት በረዶ ቤት፣
ሠላሳ አራት ሰርቨር ለብቻዬ ተትቶልኛል፤
«ጀልባ ሳይገባ አድሺና አስነሺ» ብለውኛል።
ሥራዬ ይህ ነው፣ አይከ፤ ማንም አያየውም፤
ሲሳካ ስም የለውም፣
ሲበላሽ ግን ስሙ ቪብከ ነው።

አንዱንም ሳልነካ ቅጂውን አስቀራለሁ፤
ብወድቅ የምመለስበት የኋላ በር አበጃለሁ።
ይህን ከኮርስ አልተማርኩም።
«በር ከመክፈትሽ በፊት ሴቭ አድርጊ» ያልከኝ አንተ ነህ፣
በአሥራ ሦስት ዓመትህ፣ አፍንጫህ በጉንፋን ታፍኖ።

አንድ ማውዝ ለሁለታችን፤ ጠቅ ማድረጉ ያንተ ድርሻ፣
የኔ ደብተርና እርሳስ፣ የጠፋ መንገድ ማስታወሻ።
መርከብ የሌለው ካፒቴን፣ ኪሱ ጥልቅ፣ ሁሉን ዋጪ፤
መሰላል ይገባበታል፣ ፋኖስ፣ ገመድ፣ ጢም መላጪ፤
ደግሞ አንድ የደረቀ ሄሪንግ፣
ከገበያው ጥግ ያነሣነው፣
ለምን እንደሆነ ያላወቅነው።

ለማማው ጠባቂ ሰጠነው። «ይህ አይሆንም» አለ።
ለድመቷ ሰጠናት። ድመቷ እንኳ!
ደወሉን መታንበት፣ በሩን ቆረቆርንበት፣
ጨረቃዋ ላይ ሳይቀር ጠቅ አደረግንበት፤
ካፒቴኑ ትከሻውን ሰብቆ፣ «ይህ አይሆንም።»
አንተ አትሰለችም፤ «ከሁሉም ጋር ሞክሪው፤
ይህን ዓለም የሠራ ሰው በከንቱ አላስቀመጠው።»
ሰባተኛው ፍሎፒ ላይ ነገሩ ተቆረጠ፤
ሄሪንጉ በኪሳችን፣ ጥያቄው እንዳፈጠጠ።

ዛሬ ሠላሳ ሦስቱ፣ እንደ ተማሪ በተራ፣
አረንጓዴ ዓይናቸውን ገልጠው «አቤት» አሉ ስጠራ።
አንዱ ዝም አለ።
ያ ሽማግሌው፤ የዓሣውን ኪሎ የሚያውቀው፣
ሄር ቲያርክስ ጡረታ ሲወጣ «አትንኩት» ብሎ የተወው።
እሱ ቅጂ የለው፣ የኋላ በር የለው፣
ኦዲተር ባዘዘ ነው እኔም የነካሁት፣
ምድር ቤት ወርጄ፣ ስክሪን ሰክቼ አየሁት፦
«ኪቦርድ አልተገኘም። ለመቀጠል ኤፍ አንድን ይጫኑ።»

እጅ የለህም፣ ካለህ ግን አጨብጭብ እንደማለት!
ያለኝን ሁሉ ሞከርኩ፤ የኔ መሰኪያ ጠፍጣፋ፣
የሱ ቀዳዳ ክብ፣ እንደ ድሮ ሳንቲም፤
አሥር ሰዓት ሆነ፣ ተስፋዬም ተሟጠጠ፣ ጠፋ።

ደወልኩልህ። የሌሊት ፈረቃ፣ ክሬን ላይ ነህ፤
ኮንቴይነር ከኮንቴይነር ሲጋጭ ይሰማኛል ከኋላህ።
ሰላም እንኳ ሳትለኝ፣
«ኪስሽ ውስጥ ምን አለ?» አልከኝ።
ቁልፍ፣ የበር ካርድ፣ ሁለት ባትሪ፣ የተገመሰ ሳንድዊች።
«እንግዲያው ያለፍሽበትን ክፍል ሁሉ ተመለሺበት።»

ተመለስኩ። ኮሪደሩን፣ መጋዘኑን፣ የጫማ ማጠቢያውን፣
የጨረታውን አዳራሽ፣ ትልቁን የዓሣ ሚዛን።
ከሚዛኑ ሥር፣ በላስቲክ ተጠቅልሎ፣
ፊደሎቹ መካከል ቅርፊት የተጣበቀበት
አሮጌ ኪቦርድ፤
ሽቦውን ጎተትኩ፣ ጎተትኩ፣ መጨረሻው ክብ!

ኪሴ እንደ ካፒቴኑ አይደለም፣ አልገባ አለ፤
ካፖርቴ ሥር ይዤው ሮጥኩ፣ ሽቦው ከኋላዬ እየተንከባለለ።
ኤፍ አንድ።
ሽማግሌው ጉሮሮውን ጠረገ፣ ፋኑ አጓራ፣ አቧራ ተፋ፤
ቀስ ብሎ፣ በራሱ ጊዜ፣
«አቤት» አለ።

አሥራ አንድ ሰዓት። ጀልባዎቹ ገቡ፤ ማንም ምንም አላወቀ።
«ሠላሳ አራት ከሠላሳ አራት፤ ችግር የለም» ብዬ ጻፍኩ።
እጄን ሁለቴ ታጠብኩ፤ አሁንም ሄሪንግ ይሸታል።

አይከ፣
ያ ደብተር እናታችን ቤት ይኖር ይሆን?
በገበያው ጥግ፣ ዓሣ ሻጯ አጠገብ፣ አንድ ሚዛን ነበር።
እሱ ላይ አስቀምጠነው እናውቃለን?